ነጥብ ዜሮ

የመጨረሻው ተራ ቀን ሐሙስ ነበር። ነሐሴ ነው፤ ፍልሰታ ከገባ ጥቂት ቀን ሆኖታል። እኔና እታለም እንደ ልማዳችን ሁለት ሰዓት ከሩብ ላይ ከቤት ወጣን። ከከተማችን ከጉንደ ወይን በላይ ካለው ጉብታ ላይ የዝናብ መለኪያ አለ። እሱን በየቀኑ ጠዋት በሦስት ሰዓት ማንበብ የእሷ ሥራ ነበር።

እታለም ታላቅ እህቴ ናት። ስሟ ውብነሽ ነው፤ እኔ ግን በስሟ ጠርቻት አላውቅም። በስምንት ዓመት ትበልጠኛለች። ያን ጊዜ እኔ ዘጠነኛ ክፍልን ጨርሼ ክረምቱን ቤት ነበርኩ።

ቦኖው ጋ ስንደርስ ቆመች። ሁልጊዜ መጀመሪያ የምንቆመው እዚያ ነው። ከአጥሩ ጭራሮ ሰበረችና ጭቃው ላይ ቁጥር ልትጽፍ ጎንበስ አለች።

«እታለም፣ ዛሬ አትጠይቂኝ» አልኳት። «አሁን እኮ አውቄዋለሁ። ዝም ብለን እንሂድ።»

ቀና ብላ አየችኝ። «ሁሉንም?»

«ሁሉንም።»

«እሺ» አለች። ጭራሮዋን የቦኖው ግንብ ላይ አስቀመጠችና ተከተለችኝ።

እኔ ፊት ፊት ሄድኩ። መናኸሪያው አጠገብ አዲስ ጆተኒ መጥቶ ነበር፤ ልጆቹ ሳይሞሉት ልደርስበት ነው የቸኮልኩት። ብሳናው ጋ አልቆምንም። የመብራት ምሰሶው ጋ አልቆምንም። ወደ ኋላ ዞሬ ያየኋት አይመስለኝም። አይ፣ አንድ ጊዜ ዞሬያለሁ። በአንድ እጇ ነጠላዋን ደረቷ ላይ ይዛ፣ መሬት መሬት እያየች ትመጣ ነበር። ጭቃውን የፈራች መሰለኝ።

ላይ ስንደርስ ከሽቦ አጥሩ ጥግ ካለው ድንጋይ ላይ ተቀመጠች። ሦስት ሰዓት እስኪሞላ ስንጠብቅ እኔ የማስበው ስለ ጆተኒው ነበር፤ ሲሞላ ፎርሙ ያለበትን ላስቲክና እስክሪብቶውን ዘረጋችልኝ።

«ዛሬ አንተ አንብብ። አንተው ጻፍ።»

«ብቻዬን?»

«አለሁ እኮ» አለች።

ሹመት መሰለኝ። እስከዚያ ቀን ብርጭቆውን አስይዛኝ ታውቃለች፤ ፎርሙ ላይ እንድጽፍ ግን አንድ ጊዜ ብቻ ነው ያመነችኝ። እሱም እንዴት እንደሆነ እመጣበታለሁ።

መለኪያው ትልቅ ነገር አይደለም። እስከ ጉልበቴ የሚደርስ የቆርቆሮ ጣሳ ነው። ውስጡ ጠርሙስ አለ። ያደረውን ውሃ ወደ መስፈሪያው ብርጭቆ ትገለብጣለህ፤ ከዚያ ተንበርክከህ ዓይንህን ከውሃው እኩል ታደርጋለህ። የውሃው ዳር ብርጭቆውን ይዞ ወደ ላይ ይሳባል፤ መሃሉ ግን ሰመጥ ይላል። የሚነበበው የሰመጠው ነው። እታለም «ሆዱን አንብብ» ነበር የምትለው። በዚያ ቀን የውሃው ሆድ 8 የተጻፈበት መስመር ላይ ተኝቶ ነበር። ከፍም ዝቅም አላለም። 8.0 ብዬ ጻፍኩ።

አይታ ራሷን ነቀነቀች። እስክሪብቶውን ተቀብላ ፈረመች። ፊርማዋ ከመስመሩ ወጣ።

ስንወርድ ጋሽ ሰይድ ሱቃቸው ደጃፍ ዱካ ላይ ተቀምጠው ነበር። እህልና በርበሬ ይነግዳሉ፤ ስለ ዝናብ ሳይጠይቁ ያሳለፉን ቀን የለም።

«የዝናብ ሹሟ፣ ዛሬስ ስንት ጣለ?»

እታለም በእጇ ወደ እኔ አመለከተች።

«ስምንት ነጥብ ዜሮ» አልኩ።

«ስምንት በለኛ። ነጥብ ዜሮዋን ምን ላድርጋት?»

«ትቆጠራለች፣ ጋሽ ሰይድ።»

«ይኸንንም ልጅ አበላሸሽው» አሏት። እታለም ሳቀች። ሳቋ ድምፅ አልነበረውም።

ከዚያ እኔ ወደ ጆተኒው ሮጥኩ።

ስለዚያ ዓመት ለመጻፍ ብዙ ጊዜ ጀምሬ ትቼዋለሁ። ምን እንደማስቀድም አላውቅም። አሁን ያስጀመረኝ ሽታ ነው። ባለፈው ሳምንት አንድ ቆርቆሮ ቤት ጥግ ተጠልዬ ዝናብ ሳሳልፍ፣ ፀሐይ ከቆየበት ቆርቆሮ ላይ የመጀመሪያው ጠብታ ሲያርፍ የሚነሣው ሽታ መጣብኝ። የዝናብ መለኪያው ጣሳ እንደዚያ ይሸታል። አፍንጫዬን አስጠግቼ አሸትተው ነበር፤ እታለም «ለማንበብ ነው የመጣነው፣ ለማሽተት አይደለም» ትለኝ ነበር።

ነገሩ የጀመረው በፊዚክስ ፈተና ነው። ሲግኒፊካንት ፊገር የሚባል ትምህርት ነበር፤ ጉልህ አሃዝ ማለት ነው። አንድ ቁጥር ሲጻፍ ከአሃዞቹ ውስጥ በእርግጥ የተለኩት ስንቱ ናቸው፣ ቦታ ለመያዝ ብቻ የገቡትስ የትኞቹ ናቸው፣ ያንን መቁጠር ነው። ለእኔ ቁጥር ቁጥር ነበር። 0.00720 ስንት ጉልህ አሃዝ አለው ሲባል አምስት አልኩ፤ ከነጥቡ በኋላ አምስት ነው የሚታየኝ። የጠረጴዛን ርዝመት ለሰባት አካፍሉ ሲባል ደግሞ የስልክ ማስሊያ ያወጣውን ሁሉ ገለበጥኩ፣ ዘጠኝ አሃዝ። ብዙ አሃዝ ብዙ ነጥብ የሚያሰጥ መስሎኝ ነበር። መምህሩ ከዘጠኙ አሃዝ ሥር በቀይ አሰመረና እንዲህ ብሎ ጻፈ፦ «ይህን ሁሉ ማን አየው?»

ከአስር ሦስት አገኘሁ። እታለም ወረቀቱን አይታ በውጤቱ አልተናደደችም። ያችን የመምህሩን ጥያቄ ግን ደጋግማ አነበበቻት። «ይኼ ጎበዝ መምህር ነው» አለች።

እሷ አስራ ሁለተኛን ጨርሳ ነጥብ መጥቶላት ነበር። ዩኒቨርሲቲ ተመድባ አልሄደችም። ለምን እንዳልሄደች ማንም አልነገረኝም፤ እኔም የዝናብ መለኪያውን ትታ መሄድ ስላልፈለገች ነው ብዬ አስብ ነበር። በየወሩ ጤና ጣቢያ ሄዳ መርፌ ትወጋለች። እሱን ደግሞ ስለ ጉሮሮዋ ነው ብዬ አምን ነበር፤ እምዬ አንድ ጊዜ «ከሕፃንነቷ የጉሮሮ ሕመም የመጣ ነው» ስትል ሰምቼ ነበራ። በአንዳንድ ወር ወደ ደብረ ማርቆስ ሪፈር ይጻፍላታል። ከዚያ ስትመለስ ብርቱካን ይዛልኝ ስለምትመጣ ሪፈር የሚባለውን እወድደው ነበር።

በግንቦት አንድ ቀን እንደዚያ ሄደች። እንደዚያ ስትሄድ የሚያነብላት ጎረቤት ያን ሰሞን ስላልነበረ፣ በዋዜማው ማታ ፎርሙን ለእኔ ሰጠችኝ።

«ነገ በሦስት ሰዓት። ሁለት ተኩል ላይ ብትወጣ ይበቃሃል። ይቤ፣ ትሰማኛለህ? አራት ዓመት ሙሉ ቀዳዳ የለበትም።»

ቀዳዳ የምትለው ያልተነበበ ቀን ነው። ከሜትሮሎጂ መሥሪያ ቤቱ አንድ ጊዜ የመጡ ሰውዬ ፎርሞቿን አገላብጠው አይተው፣ ይህን የመሰለ ሙሉ ነገር እምብዛም እንደማያጋጥማቸው ነግረዋት ነበር። ያን ቀን እራት ላይ ሦስት ጊዜ ነገረችን።

እኔ የከሰዓት ፈረቃ ነበርኩ፤ ጠዋቴ ነፃ ነው። ሁለት ተኩል ላይ ወጣሁ። መናኸሪያው ጋ አሮጌው ጆተኒ ላይ ልጆች ተሰብስበዋል። አንድ ጨዋታ ብቻ ብዬ ገባሁ። ቀና ስል አራት ሰዓት አልፏል። ሌሊቱን ትንሽ ካፊያ ጥሎ ነበር። ስንት ሊሆን ይችላል ብዬ አሰብኩ። 5 ብዬ ጻፍኩ።

እታለም ስትመለስ ገና አመሻሽ ነው፤ ብርሃን አለ። ብርቱካኑን ሰጥታኝ ፎርሙን አየች።

«5 ምን?»

«5 ሚሊ ሜትር።»

«ከ5 በኋላስ?»

«ምንም።»

«ምንም ከሆነ ዜሮ ይጻፋል» አለች። ቀስ ብላ ነው የተናገረችው። «ብርጭቆው ላይ ከ5 በኋላ መስመሮች አሉ። ያየ ሰው ወይ 5.2 ይላል፣ ወይ 4.8 ይላል፣ ልክ 5 ላይ ከሆነም 5.0 ይላል። 5 ብቻ የሚል ቤቱ የተቀመጠ ሰው ነው።»

ብርቱካኑን መላጥ አቆምኩ። እምዬ ከወጥ ቤት ሆና «ምን አደረገ ደግሞ?» አለች። እታለም «ምንም» አለቻት። በማግስቱ ጠዋት ጠርሙሱ ውስጥ የሁለት ቀን ውሃ ነበር፤ የቱ የየትኛው ቀን እንደሆነ የሚለየው ሰው የለም። በእኔ 5 ላይ አንድ መስመር ሳበችበት። እንዳይነበብ አድርጋ አልደለዘችውም፤ መደለዝ ክልክል ነው፣ ስህተቱ መታየት አለበት። ከጎኑ ሰረዝ አደረገች። ሰረዝ ማለት ማንም አልመጣም ማለት ነው።

አልተቆጣችኝም። ብትቆጣኝ ይሻለኝ ነበር። «ከነገ ጀምሮ አብረን ነን» ብቻ አለች።

እንዲህ ሆነ መውጣት የጀመርነው።

መጀመሪያ ሰሞን የምንቆመው ሦስት ቦታ ነበር። ቦኖው ጋ፣ ብሳናው ጋ፣ ባሕር ዛፎቹ ጋ። ቆም ትልና ጭራሮ ታነሣለች፤ መሬት ላይ ቁጥር ትጽፋለች። እኔ ጎንበስ ብዬ እቆጥራለሁ። እስክመልስ ድረስ አትናገርም። ዓይኗን ወደ ታች ወደ ከተማው አድርጋ ዝም ትላለች። ለማሰብ ጊዜ እየሰጠችኝ መሰለኝ። እውነትም ጥሩ አስተማሪ ናት ብዬ አስብ ነበር፣ አታቻኩልም።

ቦኖው ጋ 805 ጻፈች። ሁለት አልኩ፤ ዜሮ ምንም ነው ብዬ።

«ስምንት መቶና አምስት መሃል ላይ አስር ቤቱ ባዶ መሆኑን ያየ ሰው አለ?»

«አለ።»

«እንግዲያ ተቆጥሯል። ሦስት።»

ቦኖው ጋ ተራ የሚጠብቁት ሴቶች ጀሪካናቸው ላይ ተቀምጠው ይሰሙናል። አንደኛዋ «ውብዬ፣ ይኼ ልጅ ዜሮ ለመቁጠር ነው ትምህርት ቤት የሚሄደው?» አለች።

«ዜሮ ሲያገኝ እንዲያውቀው ነው» አለች እታለም። ሁሉም ሳቁ። እኔ አኮረፍኩ፤ እስከ ብሳናው ድረስ።

ብሳናው ጋ 0.0045። እዚያ የረጠበ ቅጠል ይሸታል፤ ሥሩ ከመሬት ወጥቶ እንደ መቀመጫ ነው። ከፊት ያሉት ዜሮዎች ቦታ ለመያዝ የቆሙ ናቸው፤ ማንም አልለካቸውም፣ ሁለት ብቻ ነው የሚቆጠረው አለች። ባሕር ዛፎቹ ጋ ከኋላው አንድ ዜሮ ጨመረችበት። 0.00450።

«አሁንስ?»

«ያው ሁለት። ዜሮ ነው።»

«የፊቱና የኋላው እኩል ነው?»

አሰብኩ። ነፋሱ ባሕር ዛፎቹን እያንሿሿ ነበር። እሷ ግንዱን ተደግፋለች።

«የኋላውን… ካላስፈለገ ለምን ጻፉት?» አልኩ።

«አዎ» አለች። «ለምን ጻፉት?»

«አይተውት ነው?»

«ሦስት» አለችና መንገዷን ቀጠለች። ያን ቀን ጉብታው ላይ ስንደርስ ከእሷ ቀድሜ ጣሳውን የከፈትኩት እኔ ነኝ።

አንድ ቀን ስንወርድ ጋሽ ሰይድ ሱቅ ጎራ አለች። ከሚዛኑ አጠገብ የጤፍ ኩንታል ቆሟል።

«ጋሽ ሰይድ፣ ይኼ ስንት ኪሎ ነው?»

«መቶ ነዋ።»

«መቶ ሲሉ ዘጠና ስምንትም መቶ ሁለትም ሊሆን ይችላል?»

«ስቀበለው መቶ ነው፣ ስሸጠውም መቶ ነው። በመሃል አይጥ የበላችውን አላህ ያውቃል።»

እታለም ወደ እኔ ዞረች። «አየህ? መቶ ላይ ያሉት ሁለት ዜሮዎች እንዲህ ናቸው። ተለክተው ይሁን በግምት፣ ቁጥሩን አይተህ አታውቅም። የጻፈውን ሰው ካልጠየቅክ።»

«አሁን ጠይቀሽኝ አወቅሽ?» አሏት ጋሽ ሰይድ።

«አላወቅሁም።»

«እኔም እንደዚያው ነኝ» አሉና አንድ እፍኝ የተቆላ ሽምብራ ሰጡን።

በዚያው ሰሞን ዝናቡ ለሳምንት ያህል ጠፋ። መሬቱ ተሰነጠቀ። እኔ ማጉረምረም ጀመርኩ።

«ባዶ ጠርሙስ ለማየት ዳገት እንወጣለን? አልዘነበም። ቆርቆሯችን አልጮኸም እኮ።»

«እኛ ቤት አልዘነበም። እዚያስ?»

ወጣን። ጣሳውን ከፈተች፤ ጠርሙሱን ገለበጠችው፤ ጠብ ያለ የለም። ጣቷን ወደ ጠርሙሱ አፍ አስገብታ አየች፤ ደረቅ ነው።

«ምን ልጻፍ?» አለችኝ።

«ሰረዝ አድርጊበት።»

ምን እንዳልኩ የገባኝ ካልኩ በኋላ ነው። እሷ ግን አላነሣችብኝም። «ሰረዝ ማለት ማንም አልመጣም ማለት ነው። እኛ መጥተናል» አለችና 0.0 ብላ ጻፈች።

«ይኼ ስንት ጉልህ አሃዝ አለው?» አልኳት። ላስቸግራት ነው።

እስክሪብቶዋን ከንፈሯ ላይ አድርጋ ቆየች። «በመምህርህ ሕግ አንድም የለውም» አለች።

«ታዲያ አንድም ከሌለው ሁለት ዜሮ ለምን?»

«አንድ መስመር እንኳ አለመሙላቱን አየን አይደል? እሱን ነው የጻፍኩት።» ከዚያ ፈገግ አለች። «ይኼን ፈተና ላይ እንዳትጽፈው። ይቀንስብሃል።»

ሰኔ ገባ። ዝናቡ መጣ። በሰኔ የምንቆምበት ቦታ አምስት ሆነ፤ የመብራት ምሰሶውና የድንጋይ ካቡ ተጨመሩ። በሐምሌ መጨረሻ ሰባት ደረሰ። ቆልቋሉ ጋም እንቆማለን፣ ጎርፍ የቦረቦረው ጋም እንቆማለን። ትምህርቱ እየከበደ ነው ብዬ አሰብኩ። ጥያቄዎቹ ግን አልከበዱም፤ ይኼ ያን ጊዜም ትንሽ ገርሞኛል። ሰባተኛው ቦታ ላይ የምትጠይቀኝ መጀመሪያ ቀን የጠየቀችኝን ነበር። 805። 0.0045። እኔ እንዳልረሳ መስሎኝ፣ ሳላስብ እመልስላታለሁ። አንዳንዴ እኔ ከመለስኩም በኋላ ጭራሮዋን ይዛ እዚያው ትቆያለች። «ልክ ነው?» እላታለሁ። ራሷን ነቅነቅ አድርጋ ብቻ አዎ ትላለች። የመውጫ ሰዓታችንም ወደፊት መጣ። በፊት ሁለት ተኩል፣ ከዚያ ለሁለት ተኩል አምስት ጉዳይ፣ በኋላ ሁለት ከሩብ። ጭቃ ስለሆነ ነው አለችኝ። አመንኳት። ጭቃም ነበር።

ያን ክረምት ደስተኛ ነበርኩ። ይኼን ሳልጽፍ ማለፍ አልችልም። ከታች የቤቱ ሁሉ ጭስ በቆርቆሮው መሃል ሾልኮ ሲወጣ እያየን፣ እሷ ነጠላዋን ለሁለታችንም ትዘረጋዋለች፤ ካፊያው ነጠላው ላይ እንደ ዱቄት ይቀመጣል። ወደ መሬት ጎንበስ ብዬ ስቆጥር አናቴ ላይ እጇን ታሳርፋለች። ክብደቷ እስካሁን ይሰማኛል። ተደግፋኝ እንደነበር አላወቅሁም።

ሐሙስ ዕለት ከጆተኒው ስመለስ እታለም ተኝታ ነበር። ቀን አትተኛም። እምዬ «ደክሟት ነው፣ ዝም በል» አለችኝ። ዘጠኝ ሰዓት ገደማ ሳል ሰማሁ። ከዚያ እምዬ ስሟን ስትጠራ ሰማሁ፤ አሁንም ስትጠራ። ጋሽ ሰይድ ሮጠው ባጃጅ ይዘው መጡ። ደግፈው ሲያወጧት ባጠገቤ አለፈች። ዓይኗ በሩ ጎን ሚስማር ላይ ወደተሰቀለው ላስቲክ ሄደ፤ ፎርሙ ያለበት። ከዚያ እኔን አየችኝ። መናገር አትችልም ነበር።

ጤና ጣቢያው ያሉት የቻሉትን ሁሉ አደረጉላት፤ እምዬ እስከ ዛሬ ታመሰግናቸዋለች። አስራ አንድ ሰዓት ሳይሞላ እምዬ ያለ እሷ ተመለሰች። ከመንገዱ ጀምሮ ድምፅዋ ይሰማ ነበር።

ከዚያ በኋላ ያለውን ምሽት አላስታውሰውም። ሰው መጣ። እድሩ ድንኳን ተከለ።

በማግስቱ ጠዋት፣ ቀብሩ ለስድስት ሰዓት ነው ተባለ። ድንኳኑ ውስጥ ከሁለት ሴቶች ጀርባ ተቀምጬ ነበር። አንደኛዋ ለሌላዋ ትነግራታለች።

«ልቧ እኮ ነው። ከልጅነቷ ጀምሮ። ማርቆስ ሐኪሞቹ ዳገት አትውጪ ብለዋት ነበር።»

«እየወጣች?»

«በየቀኑ። ማን ይመልሳታል።»

ሰማሁት። አልገባኝም ማለት አልችልም፤ ግን እዚያው ጆሮዬ ላይ ቀረ። የእታለም ስልክ እኔ ጋ ነበር። አየሁት፤ ሁለት ሰዓት ከሩብ ሊል ነው። ተነሣሁ። ከሚስማሩ ላይ ላስቲኩን አወረድኩና በጓሮ በኩል ወጣሁ። ማንም አላየኝም። እያሰብኩ የነበረው ስለ አንድ ነገር ብቻ ነው። በአራት ዓመት ውስጥ አንድ ሰረዝ አለ፤ የእኔ ነው። ዛሬ ካልሄድኩ ሁለተኛው ይሆናል።

ቦኖው ጋ ሴቶች አልነበሩም፤ ሁሉም እኛ ቤት ናቸው። ጭራሮዋ ግንቡ ላይ ናት፣ ትናንት እንዳስቀመጠቻት። አልነካኋትም። ዳገቱን ወጣሁ። አልሮጥኩም። እንደማንኛውም ሰው ነው የሄድኩት። ጉብታው ላይ ደርሼ ስልኩን ሳይ ሁለት ሰዓት ከሃያ አምስት ይላል።

ስልኩ የተበላሸ መሰለኝ። ወደ ታች ወደ ከተማው አየሁ፤ ድንኳኑ ይታያል። አስር ደቂቃ። መንገዱ አስር ደቂቃ ነው። እኛ ግን አርባ አምስት ደቂቃ ቀደም ብለን እንወጣ ነበር።

እሷ ትናንት የተቀመጠችበት ድንጋይ ላይ ተቀመጥኩ። ንባቡ በሦስት ሰዓት ነው፤ ቀድሞ ማንበብ አይቻልም። ሠላሳ አምስት ደቂቃ መጠበቅ ነበረብኝ። ቦታዎቹን አንድ በአንድ ቆጠርኳቸው። ቦኖው፣ ብሳናው፣ ምሰሶው፣ ቆልቋሉ፣ ካቡ፣ ጎርፍ የቦረቦረው፣ ባሕር ዛፎቹ። ሰባት። አንዳቸውም ለእኔ አልነበሩም። አይ፣ ለእኔም ነበሩ። ለሁለታችንም ነበሩ። ትናንት ግን ሰባቱንም ወሰድኩባት፣ አውቄዋለሁ ብዬ።

ከዚያ ወዲህ አንድ ሐኪም ጠይቄያለሁ። የአንድ ቀን ዳገት አይደለም፣ የልቧ በር ከብዙ ዓመት ጀምሮ የተጎዳ ነው፣ ያን ቀን ብትቆምም ባትቆምም ነው አለኝ። እሱ የሚለው እውነት ይሆናል። እኔ ግን «እሺ» ያለችኝን እሰማለሁ።

ሦስት ሰዓት ሞላ።

ተነሥቼ የሽቦውን በር ከፈትኩ። ዘንቦ እንደሆነ አላውቅም ነበር። በዚያ ምሽት ሰማይ ዘነበ አልዘነበ ልብ ያለው ማን ነው? መሬቱም አይነግርህም፤ ነሐሴ ሁልጊዜ ጭቃ ነው። ጣሳውን ከፈትኩ። ሽታው ወጣ። ጠርሙሱን ወደ ብርጭቆው ገለበጥኩት። ጠበቅሁ፣ ጠበቅሁ። ጠብ ያለ የለም። ጣቴን አስገባሁ፤ ደረቅ ነው። ቢሆንም ብርጭቆውን አስቀምጬ ጭቃው ላይ ተንበረከክሁ፤ ዓይኔን ከታችኛው መስመር እኩል አደረግኩ። አየሁ።

ፎርሙን ከላስቲኩ አወጣሁ። ከላይ የትናንቱ 8.0 አለ፣ ከጎኑም ከመስመር የወጣው ፊርማዋ። ከሥሩ 0.0 ብዬ ጻፍኩ። ሁለቱንም ዜሮ። የተመልካች ፊርማ በሚለው ላይ እስክሪብቶው ትንሽ ቆመ። ከዚያ የራሴን ስም ጻፍኩ።

ስወርድ ሰባቱም ቦታ ቆምኩ። ቁልቁል ማንም አያርፍም፤ እኔ ግን ቆምኩ፣ በየቦታው እሷ የምትቆየውን ያህል። ቦኖው ጋ ስደርስ ጭራሮዋን አነሣኋትና ላስቲኩ ውስጥ ከተትኳት።

ድንኳኑ በር ላይ ጋሽ ሰይድ ከወንዶቹ ጋር ተቀምጠው ነበር። ጉልበቴ ላይ ያለውን ጭቃ አዩ። ላስቲኩን አዩ። ከአፋቸው ሊወጣ የነበረውን አውቄዋለሁ፤ አራት ዓመት ሙሉ በየጠዋቱ የሚሉት ነው። ዋጡትና ዓይናቸውን ወደ መሬት መለሱ።

ሄጄ ፊታቸው ቆምኩ።

«ዜሮ ነጥብ ዜሮ» አልኳቸው።

ቀና ብለው አዩኝ። አግዳሚው ወንበር ላይ ጠጋ ብለው ቦታ ሰጡኝና፣ አንዱንም ሳይቀንሱ፣ ቀስ ብለው ደገሙት።

«ዜሮ ነጥብ ዜሮ።»